አክተሩ የቱ ነው?

በሰፈራችን ቪዲዮ ቤት አንድ የማይሻር ሕግ ነበር፤ አክተሩ አይሞትም። ጥይት ቢዘንብበት፣ ከገደል ቢወረወር፣ ሃያ ሰው ቢረባረብበት አይሞትም። ሃምሳ ሳንቲማችንን ከፍለን የምንገባው ይህንኑ ደግመን ደጋግመን ለማየት ነበር ማለት ይቻላል። ስለዚህ ካሴቱ ገና ከመከተቱ ከአግዳሚው የሚነሳው የመጀመሪያ ጥያቄ «አክተሩ የቱ ነው?» የሚል ነው። እሱ ከታወቀ ሌላው ዕዳው ገብስ።

ቤቱ ቆርቆሮ በቆርቆሮ ነው። ብርሃን እንዳይገባ በማዳበሪያ ጆንያ ተጋርዷል፤ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ስትበረታ ውስጡ እንደ ምጣድ ይግላል። ፊት ለፊት ሳጥን ላይ ቴሌቪዥኑ፣ ከሥሩ ዴኩ። ከፊተኛው አግዳሚ ጫፍ ላይ እንግሊዝኛ ያውቃል የሚባል አንድ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ይቀመጣል። በነጻ ነው የሚገባው፤ ውለታውን የሚከፍለው በማስተርጎም ነው። ሲገባውም ያስተረጉማል፣ ሳይገባውም ያስተረጉማል። አንዳንዱ ልጅ ከፊልሙ ይልቅ እሱን ለመስማት ነበር የሚመጣው።

1984 ዓ.ም. መሆኑ ነው። አጎቴ ጦሩ ሲበተን ከሰሜን በእግሩ የመጣ ወታደር ነበር። ከመጣ ወዲህ ቀኑን ሙሉ ግድግዳ ተደግፎ ይቀመጣል፤ ማታ ጫማውን ራስጌው አድርጎ ይተኛል። ያየውን አያወራም፤ ብንጠይቀውም «ተውኝ እስቲ» ነው መልሱ። አንድ ቅዳሜ እናቴ «ይዘኸው ውጣ፣ ሰው ይይ» ብላ አንድ ብር ሰጠችኝ። አንድ ብር ለሁለት ሰው ልክ ነው።

በሩ ላይ የተለጠፈው ካራቴ ነበር። የተከፈተው ግን ጥቁርና ነጭ ሆነ። «የጃንሆይ ጊዜ ነው እንዴ! ብራችንን መልስ!» የሚል ጫጫታ ተነሳ። ባለቤቱ ካሴቱ ተቀይሮ እንደመጣ፣ ቢሆንም ይኸኛው የባሰ «ከባድ» እንደሆነ ምሎ ተገዘተ። ስክሪኑ ላይ የተቃጠለ ከተማ ታየ፤ ከፍርስራሹ መሀል አንድ ፈረንጅ ወድቋል። «ያ ነው አክተሩ!» ተባለና ተረጋጋን።

ፈረንጁ ግን ጉድ አደረገን። ፒፓውን እያጨሰ በመስኮት ከማየት በቀር አንድ ጥይት ሳይተኩስ፣ አንድ ሰው በቡጢ ሳይል ፊልሙ ተጋመሰ። ከባሕር የወጣው አውሬ ባቡር በአፉ ሲያነሳ ሌላ ወገን ተፈጠረ፤ የለም፣ አክተሩ አውሬው ነው። መጨረሻ ላይ አንድ ዓይኑን በጥቁር ጨርቅ የሸፈነ ሳይንቲስት ባሕር ውስጥ ወርዶ፣ አውሬውን ገድሎ፣ ራሱም እዚያው ቀረ። ሕጋችን በአንድ ከሰዓት በኋላ ሁለት ጊዜ ተሻረ። ፈረንጁ ብቻ ከነፒፓው ተረፈ።

አጎቴ ይህን ሁሉ አላየም። እሱ የወጣው ገና መጀመሪያው ላይ፣ ሆስፒታሉ ሲመጣ ነው። ቁስለኛው በዝቶ መሬት ላይ ተደርድሯል፤ በመሀላቸው ሰው እየተራመደ ያልፋል። አስተርጓሚያችን እንኳ ዝም ብሎ ነበር። አጎቴ ተነስቶ ሲወጣ ተከተልኩት። ኒያላውን ለኩሶ የቆርቆሮውን ግድግዳ ተደግፏል።

«ይኼን የሠራው ሰው ከየት ነው የመጣው?» አለኝ።

«ከጃፓን ነዋ!»

«እሱንማ ሰማሁ። ከየት ነው የመጣው?»

ምን እንደሚል አልገባኝም። ሃምሳ ሳንቲሜ እየተቃጠለች ስለሆነ ትቼው ገባሁ።

የሠራው ሰው ኢሺሮ ሆንዳ ይባላል። ስሙን እንኳ ያወቅሁት ዘግይቼ ነው፤ በፈረንጅ ቅጂዎች ላይ ለብዙ ዓመት «ኢኖሺሮ» እየተባለ በስህተት ሲጻፍ ኖሯል። ያየነው ካሴትም የሱ ብቻ አልነበረም። በ1954 የወጣውን ፊልሙን (ከዚህ ወዲህ ያሉት ዓመቶችና ቀኖች በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) አሜሪካኖች ገዝተው ቆራረጡት፤ ሬይመንድ በር የሚባለውን ተዋናይ እዚያው አገራቸው ለብቻው ቀርጸው በመሀል በመሀሉ ጣፉትና በ1956 አወጡት። 96 ደቂቃ የነበረው 80 ሆነ። ለካ ፈረንጁ አንድ ጥይት ያልተኮሰው ድሮውኑ እዚያ ስላልነበረ ነው። ዋናውን፣ ያልተነካካውን ቅጂ ያየሁት ጎልምሼ ነው። ያን ጊዜ ነው የአጎቴ ጥያቄ ትዝ ያለኝና የሰውየውን ታሪክ መከታተል የጀመርኩት።

ሆንዳ በ1911 በሰሜን ጃፓን፣ ያማጋታ በሚባል ተራራማ አገር ተወለደ። አባቱ የቡድሃ መነኩሴ ነበሩ፤ እዚያ መነኩሴ ያገባል፣ ይወልዳል፤ እንደኛ የቄስ ልጅ በሉት። ቤተሰቡ ወደ ቶኪዮ የመጣው እሱ ልጅ ሳለ ነው። ዘመኑ የድምፅ አልባ ፊልም ነበርና በጃፓን ሲኒማ ቤቶች ከስክሪኑ አጠገብ ቆሞ ታሪኩን የሚተርክ፣ የሁሉንም ገጸ ባሕርይ ድምፅ የሚያወጣ ሰው ነበር፤ ቤንሺ ይሉታል። ትንሹ ሆንዳ ከፊልሙ ይልቅ በቤንሺው ይማረክ ነበር። ይህንን ሳነብ ለብቻዬ ሳቅሁ። የኛ የዘጠነኛ ክፍል ቤንሺ አሁን የት ይሆን?

በ1933፣ በኋላ ቶሆ ከተባለው ኩባንያ ጋር ወደተዋሐደው ስቱዲዮ ገባ። እዚያ ካጂሮ ያማሞቶ በሚባል ዳይሬክተር ሥር ረዳት ሆኖ ሲሠራ ከአንድ ሌላ ረዳት ጋር ተዋወቀ፤ አኪራ ኩሮሳዋ። ወዳጅነታቸው እስከ ሞት ዘለቀ። ኩሮሳዋ በሕይወት ታሪኩ ውስጥ ስለ ሆንዳ ካነሳው ሁሉ እኔን የያዘኝ አንድ ትንሽ ነገር ነው። የፊልም ቤት ሲሠራ ምሰሶውና ጣውላው የውሸት ነው፤ ቀለም ይቀባል እንጂ የእንጨት ጅማት የለውም። ሆንዳ ሥራ ሲበዛባቸው ብሩሽ ይዞ ያንን ጅማት አንድ በአንድ ይስል ነበር፤ የጣውላውን መስመር፣ ዓይኑን፣ መጠምዘዣውን። ተመልካች አያየውም። ካላየውም ጥሩ ተሠርቷል ማለት ነው። ጓደኞቹ በዚህ የተነሳ እንደ ጥንት መሳፍንት የማዕረግ ስም አወጡለት፤ በኛ አፍ ቢሆን «ባላምባራስ ዘእንጨት ጅማት» የሚባል ዓይነት ነው። ስለ አንድ ሰው ተፈጥሮ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የት ይገኛል?

ባላምባራሱ ግን ብሩሹን ይዞ መቀጠል አልቻለም። በጃፓን የምልመላ ጥሪ በቀይ ወረቀት ነበር የሚመጣው፤ ለሆንዳ መጀመሪያ በ1930ዎቹ አጋማሽ መጣ። ዕድሉ ሆኖ የገባበት ክፍለ ጦር በየካቲት 1936 በቶኪዮ መፈንቅለ መንግሥት ከሞከሩት መኮንኖች ጥቂቶቹ የነበሩበት ነው። እሱ በነገሩ ውስጥ አልነበረበትም፤ ቅጣቱ ግን ለሁሉም ደረሰና ጦሩ ወደ ማንቹሪያ ተላከ። ተመልሶ ስቱዲዮ ገባ፤ እዚያው የምትሠራውን ኪሚን አገባ። በ1939 መጨረሻ ሴት ልጃቸው በተወለደችበት ሰሞን ሁለተኛው ቀይ ወረቀት መጣ። ቀጥሎ ሦስተኛው። ኩሮሳዋ በ1943 የመጀመሪያ ፊልሙን አወጣ፤ ሌሎቹም እየተከታተሉ ዳይሬክተር ሆኑ፤ የሆንዳ ዓመታት ግን በብዛት በቻይና ምድር በውትድርና አለፉ።

ስለዚያ ጊዜ ማቆንጀት አልፈልግም። ቻይና ውስጥ የነበረው ወራሪ ጦር ነው። ሆንዳም አንድ ወቅት ሴቶች ለወታደሮች «መጽናኛ» ተብለው የተያዙበትን ቤት እንዲያስተዳድር ታዝዞ ሠርቷል። ይህንን ደብቆ አልሞተም፤ በ1966 በአንድ የፊልም መጽሔት ላይ ራሱ ጽፎታል። ደግ ሰው ነበር፣ ጨዋ ነበር የሚለውን ምስክርነት ከብዙ ሰው አንብቤአለሁ፤ አምነዋለሁም። ግን ደግ ሰው የት የት ሊቆም እንደሚችል የዚያ ጽሑፍ መኖር ያሳያል።

ከጦርነቱ ይዞት የመጣ አንድ ዕቃ አለ። አንድ ቀን የሞርታር ጥይት ከፊቱ ወደቀና ሳይፈነዳ ቀረ። ሌላው ሰው ቢሆን ሮጦ ወደ ኋላ አያይም። ሆንዳ ጥይቱን አንስቶ፣ በኋላም አገሩ ይዞት ገብቶ የሥራ ጠረጴዛው ላይ አኖረው። ከዚያ በኋላ ስክሪፕቶቹን ሲያስተካክል ያ ብረት አጠገቡ ነበር ማለት ነው።

ጦርነቱ ሲያልቅ ለጥቂት ወራት በቻይናዎች እጅ ምርኮኛ ሆኖ ቆየ። በ1946 መጋቢት ገደማ አገሩ ሲገባ ባቡሩ በሂሮሺማ በኩል አለፈ። አጎቴ የጠየቀኝ ይህንን ነበር። ከየት ነው የመጣው? ከዚያ ነው የመጣው።

ተመልሶም ቢሆን ወዲያው ወንበሩ ላይ አልተቀመጠም። በ1949 ኩሮሳዋ «የባዘነ ውሻ» የተሰኘውን ፊልም ሲሠራ ሆንዳ ዋና ረዳቱ ነበር። ካሜራ ይዞ በቶኪዮ ጥቁር ገበያዎች፣ በየጉራንጉሩ እየዞረ እውነተኛውን ሕዝብ የቀረጸው እሱ ነው፤ ከጦርነት የተመለሰ ወታደር ከጦርነት የተመለሱ ሰዎችን። ከጦርነቱ በኋላ የነበረውን የጃፓን መልክ በዚያ ፊልም አሳይተሃል ተብሎ ሲመሰገን ኩሮሳዋ ምስጋናውን ወደ ሆንዳ ይመራ ነበር። የራሱን የመጀመሪያ ፊልም፣ ስለ ዕንቁ ጠላቂ ሴቶች የሆነውን «ሰማያዊው ዕንቁ»ን፣ ሆንዳ ያወጣው በ1951፣ በአርባ ዓመቱ ነው።

ከዚያ 1954 መጣ። በመጋቢት 1 ቀን አሜሪካ በቢኪኒ ደሴቶች የሃይድሮጅን ቦምብ ሞከረች፤ አደገኛ ነው ከተባለው ክልል ውጭ ዓሣ ሲያጠምድ በነበረ ጀልባ ላይ አመዱ ዘነበ። ጀልባው «ዕድለኛው ድራጎን ቁጥር 5» ይባል ነበር፤ እንዲህ ያለ ስም ይዞ እንዲያ ያለ ዕጣ! 23 ዓሣ አጥማጆች ታመው ተመለሱ፤ የሬዲዮ ሠራተኛው በመስከረም ሞተ። በዚያው ሰሞን ከኢንዶኔዥያ ጋር ሊሠራው ያሰበው ፊልም የፈረሰበት የቶሆ ፕሮዲዩሰር ቶሞዩኪ ታናካ ክፍተቱን የሚሞላ ነገር ይፈልግ ነበር። ቦምብ ከባሕር ሥር የቀሰቀሰው አውሬ ቢሆንስ? ስሙን ከጎሪላና ጃፓኖች ዓሣ ነባሪ ከሚሉበት «ኩጂራ» ከሚለው ቃል አዳቀሉት፤ ጎጂራ።

ብዙ ዳይሬክተር ይህንን ሐሳብ ቢሰጡት ይስቅ ነበር። ሆንዳ አልሳቀም። ሠራተኞቹን ሰብስቦ፣ ስክሪፕቱን አንብባችሁ ከልብ ያላመናችሁበት ካላችሁ አሁኑኑ ንገሩኝና ውጡ አላቸው። ከልዩ ትዕይንት ባለሙያው ከኤይጂ ጹቡራያ ጋር በአንድ ትልቅ መደብር ጣሪያ ላይ ወጥተው አውሬው በየት ገብቶ፣ የቱን አቃጥሎ፣ የቱን ረግጦ እንደሚወጣ ሲመካከሩ የሰማቸው ሰው ደንግጦ ጥበቃ እስከመጥራት ደርሶ ነበር ይባላል። በ1945 ቶኪዮ በአንድ ሌሊት ድብደባ ወደ 100,000 የሚጠጋ ሰው ያጣች ከተማ መሆኗን ለሚያውቅ ድንጋጤው አይገርምም።

አውሬው ሰው ነው። ሃሩኦ ናካጂማ የሚባል ተዋናይ ነው ውስጡ ያለው። ናካጂማ ለዚህ ሥራ ብሎ የአራዊት ማቆያ እየሄደ ዝሆንና ድብ እንዴት እንደሚራመዱ ያጠና ነበር። የመጀመሪያው ልብስ ወደ 100 ኪሎ ይመዝን ስለነበር ጥቂት እርምጃ እንደሄደ ይወድቅበታል፤ ቀለል ያለው ከተሠራ በኋላም ሲያወልቀው ላቡ ይቀዳ ነበር። ቶኪዮን በ25 እጥፍ አሳንሰው ገነቡለት፤ ካሜራውን አፍጥነው ቀርጸው በዝግታ አሳዩትና እርምጃው ተራራ ሆነ። ጩኸቱ ደግሞ የማንም እንስሳ አይደለም። ሙዚቃውን የደረሰው አኪራ ኢፉኩቤ የኮንትራባስ ክር አላልቶ በቆዳ ጓንት ሸረከተው። በየቪዲዮ ቤቱ ልጅ ያስበረገገው ድምፅ የአንድ ጓንት ነው።

ይህ ሁሉ የጹቡራያ ጥበብ ነው፤ የዓለም አድናቆትም በአብዛኛው ወደዚያ ሄዷል። የሆንዳ ሥራ የእንጨት ጅማቱ ነው። ባቡር ውስጥ ወደ ሥራ የሚሄዱ ሰዎች ስለ አውሬው ሲያወሩ አንዲት ሴት ከናጋሳኪ ተርፋ አሁን ደግሞ ይኼ እንደመጣባት እንደ ኑሮ ውድነት ቀለል አድርጋ ታነሳለች፤ አሜሪካኖቹ ቆርጠውታል። ከተማው ሲነድ አንዲት እናት ልጆቿን አቅፋ ግድግዳ ሥር ተቀምጣ፣ አሁን አባታችሁ ዘንድ እንሄዳለን እያለች ታባብላለች። አባትየው የት እንደሞተ አይነገርም፤ በ1954 ለጃፓን ተመልካች መንገር አያስፈልግም። በሆስፒታሉ ሐኪሙ የጨረር መለኪያውን ወደ አንድ ሕፃን ያስጠጋል፤ መለኪያው ይንጫጫል፤ ሐኪሙ አንገቱን ይነቀንቃል። ሕፃኑ ምንም የሆነ አይመስልም፣ ቀና ብሎ ያያል። በዚህ ሁሉ አውሬው የለም። ሆንዳ አውሬው ካለፈ በኋላ የሚቀረውን ነበር የሚያውቀው።

ፊልሙ በኅዳር 3 ወጣ። ጋዜጣው በአገር ቁስል ነገደ ብሎ ያብጠለጠለው ነበር፤ ሕዝቡ ግን 9.6 ሚሊዮን ቲኬት ቆረጠ። በዚያው ዓመት፣ በዚያው ኩባንያ፣ ኩሮሳዋ «ሰባቱ ሳሙራይ»ን አውጥቶ ነበር። የሳሙራዮቹ መሪ ሆኖ የሠራው ታካሺ ሺሙራ በሆንዳም ፊልም ሽማግሌው ሊቅ ነው። ሁለት ወዳጆች፣ አንድ ተዋናይ፣ አንድ ዓመት። ከዚያ በኋላ ግን መንገዳቸው ተለያየ፤ አንዱ ሊቅ ተባለ፣ ሌላው የአውሬ ፊልም ሠሪ።

እኛ ኢትዮጵያውያን ለ1964ቱ ቶኪዮ የራሳችን ሥዕል አለን። አበበ ቢቂላ ትርፍ አንጀቱ ከወጣለት ከጥቂት ሳምንታት በኋላ በዚያ ከተማ ጎዳና ብቻውን ሲሮጥ፣ 2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሴኮንድ፣ ከዚያ ሣሩ ላይ ሰውነቱን ሲያፍታታ። በዚያው ዓመት ሆንዳ ሦስት የአውሬ ፊልም አውጥቷል። ሦስተኛው ባለ ሦስት ራሱ ወርቃማ ድራጎን ጊዶራ ነው፤ ኦሊምፒኩ ካበቃ ከሁለት ወር በኋላ ያቺን አዲስ የታደሰች ከተማ በመብረቅ ያርሳታል። ፊልሙ በጥድፊያ የተሠራበት ምክንያት ደግሞ ኩሮሳዋ ነው። «ቀይ ጺም» የተሰኘው ፊልሙ እንደልማዱ ጊዜ በልቶ ለአዲስ ዓመት ገበያ ስላልደረሰ ቶሆ ቦታውን የሚሞላ ሌላ ነገር አስፈለገው። ሆንዳ ሞላ። ወዳጁ እየዘገየ ፍጹም ነገር እንዲሠራ እሱ በሰዓቱ እያደረሰ ወጪውን ይሸፍን ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም።

በጊዶራ ፊልም ውስጥ አውሬዎቹ ተሰብስበው ይመካከራሉ፤ ንግግራቸውን ሁለት በጣም ትንንሽ መንታ ሴቶች ለሰዎቹ ያስተረጉማሉ። ከቪዲዮ ቤቱ ዘመን ጀምሬ እንዲህ ያለ አስተርጓሚ አላየሁም። ግን እውነቱን ለመናገር ውድቀቱ እዚህ ይጀምራል። በ1962 ጎጂራን ከኪንግ ኮንግ ጋር ያታገሉበት ፊልም በጃፓን ከጎጂራ ፊልሞች ሁሉ በላይ ተመልካች ስላገኘ ኩባንያው አውሬው እንዲያስቅ ፈለገ። በ1965 ጎጂራ ጠላቱን አሸንፎ፣ ያኔ ልጆች ይወዱት ከነበረ የካርቱን መጽሔት የተቀዳ ጭፈራ ይጨፍራል፤ እጁን አጣጥፎ፣ አንድ እግሩን አንስቶ። ሐሳቡን የደገፈው ጹቡራያ ነው፤ ሆንዳን አላስደሰተውም። እናቲቱን ግድግዳ ሥር ያስቀመጠ ሰው ጭፈራውን ሲቀርጽ ምን ይሰማዋል? ቀረጸው ግን። ተቀጣሪ ነበር፤ ሲታዘዝ የኖረ ሰው ነበር።

በዚህ መሀል የፈለገውን የሠራባቸውም አሉ። በ1963 «ማታንጎ»ን ሠራ፤ መርከባቸው ተሰብሮ ደሴት ላይ የቀሩ ሀብታሞች ርሃብ ሲጠናባቸው የተከለከለውን እንጉዳይ እየበሉ ራሳቸው እንጉዳይ ይሆናሉ። ከፊልሞቹ ሁሉ እኔን ሌሊት ያስነሳኝ እሱ ነው። በ1969 የወጣውን ደግሞ የአውሬ ፊልም ወዳጆች ሲሰድቡት ይውላሉ፤ በአብዛኛው ከድሮ ፊልሞች ተቆራርጦ የተለጠፈ ነው፣ አውሬውም የልጅ ሕልም ብቻ ነው ይላሉ። ልክ ናቸው። እኔ ግን እወደዋለሁ። በፋብሪካ ጭስ በታፈነ ሰፈር አንድ ኢቺሮ የሚባል ልጅ ከትምህርት ቤት ሲመለስ ቤቱ ባዶ ነው፤ እናትና አባቱ ሥራ ላይ ናቸው። በሩን ከፍቶ ብቻውን ይገባል። የሰፈር ጉልቤዎች መንገድ ላይ ይጠብቁታል። ጹቡራያ ያኔ ታሞ ስለነበር የአውሬዎቹንም ክፍል ሆንዳ ራሱ ነበር የመራው፤ ጹቡራያ ፊልሙ ከወጣ በኋላ፣ በጥር 1970 ዐረፈ። ያ ልጅ ባዶ ቤት ሲገባ ሆንዳ ካሜራውን አያጣድፍም፤ በሩ ተከፍቶ እስኪዘጋ ይጠብቀዋል። ሃምሳ ሜትር አውሬ የለመደ ዳይሬክተር በአንድ የቤት ቁልፍ ላይ እንዲያ መቆየቱ ደስ ይለኛል።

በ1975 የመጨረሻውን የጎጂራ ፊልሙን ሠራ። ተመልካቹ ከአንድ ሚሊዮን በታች ሆነ፤ ኩባንያው አውሬውን ለዘጠኝ ዓመት አስተኛው። ሆንዳ 64 ዓመት ሆኖታል። ጎልፍ ይጫወት ጀመር። ኩሮሳዋም ጎልፍ ይወዳል።

ከዚህ በኋላ ያለውን ሳስብ ሁልጊዜ ይገርመኛል። ከአርባ በላይ ፊልም የሠራ፣ ስሙ በዓለም የዞረ ሰው፣ ከድሮ ጓደኛው አጠገብ ተመልሶ ረዳት ሆኖ ቆመ። በ1980 «ካጌሙሻ» ላይ፣ በ1985 «ራን» ላይ፣ ከዚያም እስከ ኩሮሳዋ የመጨረሻ ፊልም ድረስ አምስቱም ላይ አለ። አንዳንዶች ውርደት ነው ብለው ያዝኑለታል። እኔ እንደዚያ አላየውም፤ ብሩሹ ነው የተመለሰለት። የመጨረሻው ፊልም «ማዳዳዮ» ይባላል፤ ልጆች ድብብቆሽ ሲጫወቱ «ገና ነው» የሚሉት ቃል ነው። ሆንዳ በየካቲት 28 ቀን 1993፣ በ81 ዓመቱ ሞተ። ፊልሙ ሲኒማ ቤት የገባው በሚያዝያ ነው።

በ1990 የወጣው የኩሮሳዋ «ሕልሞች» በተለያዩ አጫጭር ታሪኮች የተሠራ ነው፤ አንዱ «ዋሻው» ይባላል። ኩሮሳዋ ወታደር ሆኖ አያውቅም። የወታደሩን አረማመድ፣ አቋቋም፣ ትእዛዝ አሰጣጥ የሚያውቀው አጠገቡ የቆመው ሰው ነበር። አምና አጎቴን ላይ ሄጄ ይህንን ታሪክ በላፕቶፕ አሳየሁት። ሽማግሌ ሆኗል፤ ለብዙ ዓመት በአንድ ወፍጮ ቤት ዘበኛ ሆኖ ሠርቶ አሁን ቤት ነው የሚውለው። ያንን የቪዲዮ ቤት ቀን አነሳሁበት፤ አላስታወሰውም፣ ወይም እንዲያ አለኝ። መነጽሩን አድርጎ ተጠጋ።

አንድ መኮንን ከምርኮ ተፈትቶ ለብቻው በተራራ መንገድ ይመጣል። የዋሻው አፍ ላይ ሲደርስ ደረቱ ላይ ፈንጂ የታጠቀ ውሻ ወጥቶ ይጮህበታል። መኮንኑ ጨለማውን አልፎ ይወጣል። ከኋላው የቦት ጫማ ድምፅ ይሰማል። ፊቱ ሰማያዊ የሆነ አንድ ወታደር ወጥቶ ይቆማል፤ መሞቱን አላመነም። ማዶ ተራራው ላይ የምትታይ መብራት የእናት አባቱ ቤት እንደሆነች፣ እስካሁን እንደሚጠብቁት ይናገራል። መኮንኑ አንተኮ እቅፌ ውስጥ ነው የሞትከው ይለዋል። ወታደሩ ተመልሶ ይገባል። ቀጥሎ ጭፍራው በሙሉ ሰልፉን ጠብቆ ይወጣል፣ መሣሪያውን አውርዶ ይቆማል፤ አንድም ያልተረፈለት ጭፍራ ነው። መኮንኑ ያለቅሳል፣ ይቅርታ ይለምናቸዋል፤ አይንቀሳቀሱም። ልመናው ካልሠራ በኋላ ድምፁን አጥርቶ ያዛል።

«ወደ ኋላ ዙር» አለ አጎቴ በለሆሳስ፣ ከመኮንኑ እኩል። ጃፓንኛ አያውቅም።

ወታደሮቹ ዞሩ። የጫማቸው ድምፅ በዋሻው ውስጥ እየራቀ እየራቀ ጠፋ። መኮንኑ መንገዱ ላይ በጉልበቱ ወደቀ። ያለቀ መሰለኝና ልዘጋው እጄን ሰደድኩ።

አጎቴ እጄን ያዘኝ። «ቆይ» አለኝ፤ «ውሻው አልመጣም።»

ውሻው መጣ።